የእድሩ ሥዕል፦ ከጣና ዳር የሥራ ማስታወሻ

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 8

አቡጀዲው ተገዛ። እያንዳንዱ 12 ሜትር የሆነ ሁለት ቁራጭ ነው። ወርዱ 90 ሳንቲ ስለሆነ ሁለቱ ጎን ለጎን ሲሰፉ ከፍታው ሜትር ከሰማንያ ይመጣል።

አሁን ለምትቀላቀሉን ሥራውን ባጭሩ ልንገራችሁ። ባሕር ዳር፣ ሽምብጥ አካባቢ ባለ አንድ የእድር አዳራሽ ውስጥ ትልቅ ሥዕል አብረን ልንሠራ ነው። ሥዕል የተማርነው ጥቂት ነን። ሌላው ጎረቤት ነው። አሳ የሚያወጣ አለ፣ ባጃጅ የሚነዳ አለ፣ ጉሊት የምትሸጥ አለች፣ ዩኒቨርሲቲ የምትማር አለች፣ ጡረታ የወጡም አሉ። የምንስለው የጣናን ዳር ነው። የዛሬውን ግን አይደለም። ጥያቄያችን ይህ ነው፦ የሐይቁ ዳር ለማንም የማይሸጥ፣ ማንም የማያጥረው ቢሆን እዚያ ምን እናደርግ ነበር?

ባሕር ዳር ውስጥ ስለ ሐይቁ ዳር ወሬ ሲነሳ መጀመሪያ የሚጠየቀው ካሬው ስንት ገባ የሚለው ነው። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ላይ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ይላል። የመጠቀም መብቱ ግን በሊዝ ይጫረታል። ጨረታ ደግሞ ብዙ ያለው ያሸንፋል። ይህ ሰው ያወጣው ደንብ ነው። ሰው ያወጣው መሆኑን ረስተን እንደ ተፈጥሮ ሕግ ተቀብለነዋል።

ካፒታሊዝም ባንክም አለው፣ ፋብሪካም አለው። ከሁሉ የሚከብደኝ ግን ሌላ ዓይነት ኑሮ ማሰብን የሚያስረሳን መሆኑ ነው። በእሱ ላይ ስብሰባና መግለጫ ብቻውን ሲሠራ አላየሁም። ሰው እጁ የሚነካው ነገር ይፈልጋል። ለዚህ ነው ጨርቅና ከሰል የመረጥነው።

ሰኞ፣ ጥቅምት 10

ስፌቱን የያዙልን ከጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ጡረታ የወጡ እማማ ናቸው። እኔ ልብስ ሰፊ ጋ ልወስደው ነበር። «የምን ልብስ ሰፊ? እንዲህ ያለ ርዝመት በአንድ ስፌት ከተያዘ ሲወጠር ይተረተራል» አሉኝ። አንዱን ጠርዝ በሌላው ውስጥ አጥፈው፣ ሁለት ጊዜ ሄዱበት። ዙሪያውንም ገመድ እንዲያሳልፍ አድርገው አጠፉት።

ስፌቱ ጨርቁን መሃል ለመሃል አግድም ያልፋል። መደበቅ አልተቻለም። ስለዚህ የሐይቁን ዳር እዚያው ላይ ለማሳረፍ ወሰንን። ከስፌቱ በላይ ውሃና ሰማይ፣ ከስፌቱ በታች የብስ።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 13

ዛሬ ጨርቁን ለቀለም የማዘጋጀት ሥራ ነበር። ትንሽ ልቆይበት፣ ምክንያቱም ብዙ የተማርኩት እዚህ ነው።

አብሮን የሚሠራ ዲያቆን አለ። ዘጌ ተወልዶ ያደገ ነው፤ የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ይሠራል። እዚያው ዘጌ ያለው የኡራ ኪዳነ ምሕረት ቤተ ክርስቲያን የሄደ ሰው መቅደሱን ዙሪያውን የሸፈነውን ሥዕል አይቶታል። ከግድግዳ ጋር አንድ የሆነ ይመስላል እንጂ አብዛኛው የተሠራው በጥጥ ጨርቅ ላይ ነው። ጨርቁ በኋላ ግድግዳው ላይ ተለጥፏል። ዲያቆኑ ያንን መንገድ አሳየን። የከብት ቆዳ ቁርጥራጭ ውሃ ውስጥ ይዘፈዘፋል። ከዚያ በለዘብተኛ እሳት ረጅም ሰዓት ይቆያል። መንተክተክ የለበትም፤ ከፈላ ሙጫው ይደክማል። ተጣርቶ፣ ገና ሞቅ እንዳለ፣ በወንፊት የተነፋ ጄሶ ይገባበታል። ሲቀባ ስስ ይሁን፣ ሲደርቅ ጥላ ውስጥ ይሁን።

አንድ ቁራጭ በዚህ መንገድ ቀባን። ሌላውን በውሃ በቀጠነ ኮላ ቀብተን ጄሶውን ጥቂት ብቻ አደረግነው። ሁለቱንም ከደረቁ በኋላ ጠቅልለን ፈታናቸው። በቆዳ ሙጫ የተቀባው ተሰነጣጠቀ። ኮላው ምንም አልሆነም። ዲያቆኑ አልተገረመም። የቤተ ክርስቲያኑ ጨርቅ አንዴ ከተለጠፈ አይጠቀለልም፤ ግድግዳው ይሸከመዋል። የእኛ ግን ከሰፈር ሰፈር መዞር አለበት። ስለዚህ በኮላው ሄድን።

ቀለሙን በተመለከተ፣ ቀይና ቡኒውን ከአፈር ነው የምናወጣው። የሰፈሩ ልጆች ይህን ሥራ ወደውታል። አፈሩን በባልዲ ውሃ ያማስሉታል። አሸዋው ቶሎ ይዘቅጣል። ላይ የቀረውን ድፍርስ ውሃ ወደ ሌላ ባልዲ ይገለብጣሉ። እሱ ሲያድር ደለሉ ከታች ይቀመጣል፤ ውሃው ይደፋል፣ ደለሉ ይደርቃል፣ ይፈጫል። በጣት ሲነኩት ዱቄት ነው። ጥቁሩን ከድስት ቂጥ ጥላሸት አገኘን። አረንጓዴና ሰማያዊ መግዛት የግድ ነው። ሰማያዊው ውድ ሆነብን፤ 12 ሜትር ሐይቅ እንዴት ይሸፈናል ብለን ስንጨነቅ ታንኳ ሠሪው አያ ጣልቃ ገባ። «ጣና መቼ እንዲህ ሰማያዊ ሆኖ ያውቃል?» አለ። እውነቱን ነው። ርብ፣ ጉማራ፣ መገጭና ግልገል ዓባይ ከደጋው የታጠበ አፈር ይዘው ነው የሚገቡት። ክረምቱ ካለፈም በኋላ ውሃው ደፍርሶ ይቆያል። ሐይቁን በአፈሩ ልንስለው ነው። ሰማያዊውን ለራቅ ላለው ውሃና ለሰማዩ እንቆጥበዋለን።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 22

የመጀመሪያው የንድፍ ቀን። ጨርቁ በአዳራሹ ግድግዳ ላይ ተወጠረ። ለእያንዳንዱ ሰው ከሰል ተሰጠ። ጥያቄውን ጮክ ብለን አነበብን፤ ከዚያ ዝም አልን።

የወጣውን ሳይ ደነገጥኩ። ሪዞርት ተሣለ። ከጎኑ ሌላ ሪዞርት። ረጅም ሆቴል፣ ፈጣን ጀልባ፣ ጂ ፕላስ ቱ ቪላ ከነመኪናው። አንድ ወጣት የራሱ ስም ያለበት ካፌ ሣለ። ጥያቄው ስለማይሸጥ ዳር ነበር። መልሱ በሙሉ የሚሸጥና የሚከራይ ነገር ሆኖ መጣ።

ሰውን መውቀስ አይቻልም። ስልኩ፣ የሪል እስቴቱ ቢልቦርድ፣ የቴሌቪዥኑ ማስታወቂያ ምኞታችንን ከኛ ቀድመው ሥለውታል። ደግሞ የሚያፈስ ቤት ውስጥ ያደገ ሰው ጥሩ ጣሪያ ቢመኝ ምን ይገርማል? የምኞቱ ሥር ትክክል ነው። እኔን ያስጨነቀኝ እያንዳንዱ ቪላ አጥር ያለው መሆኑ ነበር። ከአጥር አጥር ተያይዞ ከጨርቁ ግራ እስከ ቀኝ ድረስ ወደ ውሃው የሚያደርስ መንገድ አልቀረም።

ይህን ያየችው የዩኒቨርሲቲዋ ተማሪ ናት። ምንም አልተናገረችም። እራፊ ጨርቅ አንስታ አጥሮቹን ብቻ እየጠረገች ሄደች። ቤቶቹን አልነካችም። ከሰል በቀላሉ ይለቃል። ጠርጋ ስትጨርስ ቤቶቹ ባዶ ሜዳ ላይ ተበታትነው ቀሩ። ሁሉም ቆሞ አየ።

ከዚያ ነው ሥራው የጀመረው። ጉሊት የምትሸጠው እትዬ ከአንዱ ቪላ ወደ ውሃው መንገድ አወጣች። ሌላው መንገዱን ወደ ጎረቤቱ ቀጠለው። መንገዶቹ የተገናኙበት ቦታ ላይ ልብስ ማጠቢያ ተሣለ፤ ቀጥሎ የሾላ ጥላ። ካፌ የሣለው ልጅ ወንበሮቹን ከካፌው አውጥቶ ሾላው ሥር አስቀመጣቸው። «ስሜን ላጥፋው እንዴ?» ብሎ ጠየቀ። ማንም አጥፋው አላለውም። እንዳለ ተወው።

ከመምሸቱ በፊት መበተን ስላለብን በመሃል አቆምን። ቁልፍ የያዙት ጋሼ ሰውን ለማስወጣት ተቸገሩ።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 29

ዛሬ ከመሣል ይልቅ ያወራነው በዛ። ወሬው ግን ለሥራው ያስፈልግ ነበር።

ጋሼ ቡና ሲፈላ ጨርቁን ቆመው ሲያዩ ቆዩ። ከዚያ እንዲህ አሉ፦ «ልጆቼ፣ ይህን ነገር እኔ አውቀዋለሁ። ደርግም በኪነት ነው የጀመረን። የቀበሌ ኪነት ውስጥ ነበርኩ። የመሬት አዋጁ በ1967 ሲታወጅ አደባባይ ወጥቼ ጨፍሬያለሁ። በኋላ ገበሬው እህሉን በኮታ፣ መንግሥት በቆረጠው ዋጋ እንዲያስረክብ ሲገደድ እኛ ያንኑ ዘፈን እንዘፍን ነበር። የጋራ የሚባል ነገር ስሰማ ሆዴ ይፈራል።»

አዳራሹ ጸጥ አለ። እኔ ይህን ጥያቄ ከሌላ ከማንኛውም ጥያቄ በላይ ከባድ አድርጌ ነው የማየው። ስለ ገበያ ሥርዓቱ ክፋት የሚያወራ ኢትዮጵያዊ ሁሉ ጋሼን ቀና ብሎ ማየት አለበት። ያ ዘመን የሰውን የጋራ ሕልም ወስዶ መልሶ በትእዛዝ ሰጠው። ሰው ሕልሙን ያጣው ያኔ ነው። ገበያው የመጣው የተጣለ ሜዳ ላይ ነው።

ጋሼን ምን ቢደረግ ይሻላል ብለን ጠየቅናቸው። ሁለት ነገር አሉ። አንደኛ፣ ጨርቁ ላይ መፈክር አይጻፍ። ሁለተኛ፣ የሚያጸድቅ ሰው አይኑር። ማንም ተነስቶ ይህ ይቅር፣ ያ ይግባ ካለ ከሰሉን አስቀምጠን እንውጣ። ሁለቱም ደንብ ሆነው ጸደቁ። ጋሼ ከዚያ በኋላ ከሰል አንስተው አንድ ነገር ሣሉ። ክራር የያዘ ሰው ነው፤ ፊቱን ከሕዝቡ አዙሮ ወደ ውሃው ይጫወታል። ለምን እንዲያ እንደዞረ አልጠየቅናቸውም።

ከቡናው በኋላ አንድ ታሪክ ነገርኳቸው። እ.ኤ.አ. በ1982 አግነስ ዴንስ የምትባል ሃንጋሪ የተወለደች ሠዓሊ ኒው ዮርክ መሃል ስንዴ ዘራች። ቦታው የገንዘብ ገበያው ማዕከል ከሆነው ከዎል ስትሪት አጠገብ፣ ያኔ በነበሩት መንትዮቹ ሕንፃዎች ሥር ነበር። ወንዝ ዳር በአፈር ተሞልቶ የተሠራ መሬት ነበር፤ ዋጋው 4.5 ቢሊዮን ዶላር ይገመት ነበር። እሷ ግን አፈር በጭነት መኪና አስመጥታ፣ 285 ትልም ከረዳቶቿ ጋር በእጅ አውጥታ፣ በግንቦት ዘርታ በነሐሴ አጨደች። መሬቱ ሁለት ኤከር ነው። የተገኘው አራት ኩንታል ተኩል ገደማ።

እትዬ ወዲያው ሒሳቡን ሠራችው። ሁለት ኤከር ሦስት ጥማድ ይሆናል ስላት «አነሰ» አለች። «አፈሩ የመጣ ስለሆነ ነው።» ቀጥላ ቦታው ዛሬ ምን እንደሆነ ጠየቀችኝ። ሕንፃ ተሠርቶበታል አልኳት። «ታዲያ ምን ጠቀመ?»

ስንዴው ሕንፃውን አላስቆመም። ግን ያንን ፎቶ ያየ ሰው፣ የበሰለ ስንዴ ከሰማይ ጠቀስ ፎቆች ሥር ሲወዛወዝ ያየ ሰው፣ «ይህ መሬት ከዚህ ሌላ ምንም ሊሆን አይችልም» ሲሉት በቀላሉ አያምንም። እህሉም በኤግዚቢሽን ከከተማ ከተማ ዞሯል፤ ሰዎች ዘሩን ወስደው ዘርተውታል። ይህን ስነግራት እትዬ «ዘሩ ካልጠፋ ደህና» አለች። ከዚያ ተነስታ ከሾላው ጎን ጎመን ተከለች፣ በከሰል።

አውራ አምባም ተነሳ። ከዚህ ሩቅ አይደለም፤ ከወረታ ወደ ደብረ ታቦር በሚወስደው መንገድ ነው። ዙምራ ኑሩና ጓደኞቹ ወንዱ እንጀራ የሚጋግርበት፣ ሴቷ የምታርስበት፣ ሥራውም ገቢውም የጋራ የሆነበት መንደር ሲያቋቁሙ እንደ እብድ የቆጠራቸው ብዙ ነበር። ዛሬ በሽመናቸው ይኖራሉ። የኛ ሰው በአውራ አምባ ላይ ያለው አስተያየት ይለያያል። ነገር ግን በኛው አገር፣ በኛው ቋንቋ፣ ኑሮ በሌላ መልክ ሊታሰብና ሊኖር እንደሚችል ያሳየ ቦታ ነው። አንዳንዴ ምሳሌ ፍለጋ ሩቅ እንሄዳለን።

ቅዳሜ፣ ህዳር 6

ዛሬ የአያ ቀን ነበር።

አያ ከነገደ ወይጦ ማኅበረሰብ ነው። ታንኳ ይሠራል። ተማሪዎቹ በጨርቁ የቀኝ ጥግ ታንኳ የሚሠራበትን የሐይቅ ዳር ተክል፣ ደንገልን፣ ስለው ነበር፤ ክብ ግንድ፣ ግራና ቀኝ ቅጠል። አያ አይቶ ራሱን ነቀነቀ። «ይህ በቆሎ ነው» አለ። ከውጭ አንድ ደንገል ይዞ መጣና በቢላ ቆረጠው። ግንዱ ሦስት ማዕዘን ነው። ጣታችንን በሦስቱ ጠርዝ ላይ አስኬደን። ውስጡ ነጭ፣ እንደ ስፖንጅ ነው። ታንኳን የሚያንሳፍፈው ይህ ነው። ተቆርጦ በፀሐይ ይደርቃል፣ በጥቅል በጥቅል ይታሰራል፣ ጥቅሎቹ ጎን ለጎን ይጠፈራሉ፤ ፊቱ ወደ ላይ ይቀለበሳል። ከሥራ በኋላ ታንኳው ከውሃ ወጥቶ ካልደረቀ ይከብዳል። ቢጠብቁትም ከወራት በላይ አያገለግልም፤ አዲስ ይሠራል።

ከዚያ ከሰሉን ወሰደ። ደንገል ከታች ወደ ላይ በአንድ እጅ ምት ይሣላል። ግንዱ ላይ ቅጠል የለም፤ ፀጉሩ አናቱ ላይ ነው። አያ በሕይወቱ ሥዕል ሥሎ አያውቅም። ከሰሉን ሳያነሳ፣ ሳይቸኩል፣ ጥጉን በሙሉ ሸፈነው። ወደ ግራም ቀጠለ። አንድ ቦታ ሲደርስ ቆም አለና «እዚህ ነበር የምቆርጠው» አለ። ሁላችንም ቦታውን እናውቀዋለን። ዛሬ የግንብ አጥር አለበት፤ ጥበቃ አለው። አያ በዚያ ቦታ ላይ ደንገሉን አልፎ ቀጠለ። አጥሩን አልሣለውም፣ አላጠፋውምም። ደንገል ብቻ አደረገበት።

ለእኔ የዚህ ሥራ ልብ እዚህ ነው። ደንገሉ ደለል ያጣራል፣ አሳ ይራባበታል፣ ታንኳ ይሆናል፣ ሰው ያበላል። ይህን ሁሉ ሲሠራ ደረሰኝ ስለማይቆርጥ «ባዶ ቦታ» ይባላል። ባዶ የተባለ ነገር ደግሞ ለማጠር ይመቻል። አያ ያ ቦታ ባዶ እንዳልነበር በከሰል መሰከረ።

አንድ ነገር ግን መጻፍ አለብኝ። አያ የእድሩ አባል አይደለም። ወርሃዊ መዋጮው ብቻ አይደለም ምክንያቱ። ደፍሮ የጋበዘው ሰው የለም። ነገደ ወይጦ በዚህ ሐይቅ ዳር ስንት ዘመን ሲገለሉ እንደኖሩ የባሕር ዳር ሰው ያውቃል። የጋራ ነው ስንል የማን ጋራ እንደሆነ ካልጠየቅን፣ ከግንቡ አጥር የማይሻል አጥር ነው የምንሠራው።

እሑድ፣ ህዳር 14

ቀለም መቀባት ተጀመረ። የአፈሩ ቡኒ ውሃው ላይ ከጠበቅነው በላይ አማረ። ሻላዎቹን፣ ትልልቆቹን የውሃ ወፎች፣ ልጆቹ ሣሏቸው፤ ከሰዎቹ ይበልጣሉ። እንዲያው ይሁኑ ተባለ።

ዲያቆኑ አንድ ጥሩ ነገር አነሳ። በደቅ ደሴት ባለችው ናርጋ ሥላሴ፣ ቤተ ክርስቲያኗን ያሠራችው እቴጌ ምንትዋብ ተሥላለች። የተሣለችው ዙፋን ላይ ሆና አይደለም። እመቤታችን እግር ሥር በግንባሯ ተደፍታ ነው። በድሮው ሥዕል ገንዘቡን ያወጣው ሰው እንዲህ ከታች ወድቆ ይሣላል፤ ሠዓሊው ግን ብዙ ጊዜ ስሙን እንኳን አይጽፍም። እርግጥ ያ ዘመን የእኩልነት ዘመን አልነበረም፤ የመሬትና የግብር ሥርዓቱን እናውቀዋለን። ግን ገንዘብ ከሥዕሉ በታች የሚቀመጥበት ልማድ እዚሁ ሐይቅ ላይ እንደነበረ ማወቁ ደስ አለኝ።

ረቡዕ፣ ህዳር 24

ሥዕሉ ከሞላ ጎደል አልቋል። ዛሬ ደግሞ ገዢ መጣ።

አንድ የንግድ ድርጅት ነው። ፎቶውን አንድ ሰው ስልክ ላይ አይቶታል። ለእንግዳ መቀበያ አዳራሹ ይፈልገዋል። ያቀረበው ገንዘብ ለእድሩ አዲስ ድንኳን ይገዛል፣ ከዚያም ይተርፋል። የመጣው ሰው ትሑት ነው፤ ሥዕሉን ከልቡ እንደወደደውም አምናለሁ። አንድ ጥያቄ ብቻ አለው። የቀኙ ጥግ ትንሽ «ቢስተካከል»። ደንገሉ ያለበት ቦታ።

ተማሪዋ ወዲያው የዲየጎ ሪቬራን ታሪክ አነሳች። ሜክሲኮአዊው ሠዓሊ እ.ኤ.አ. በ1933 ኒው ዮርክ በሚገኘው የሮክፌለር ማዕከል ግድግዳ ላይ ሲሥል የሌኒንን ፊት ጨመረበት። ፊቱን እንዲቀይረው ተጠየቀ። እምቢ አለ። ክፍያውን በሙሉ ሰጥተው ከሥራው አስወጡት፤ ሥዕሉን ሸፈኑት፤ በየካቲት 1934 ግድግዳው ላይ እንዳለ አፈረሱት። ሪቬራ በዚያው ዓመት ሜክሲኮ ሲቲ ላይ መልሶ ሣለው።

ልብ በሉ፣ እዚያ ማንም ገንዘብ አልከለከለም። ክፍያው ተከፍሏል። ሥዕሉን ለማፍረስ መብት የሰጣቸው ራሱ ክፍያው ነው። እንዲህ ያለው ሥርዓት የሚቃወሙትን ሥዕሎች አይፈራም። ይገዛቸዋል፣ መቀበያ አዳራሹ ውስጥ ያስጌጣቸዋል፣ ጥጋቸውን ያስተካክላል። ስለዚህ የጨርቁ ላይ ምስል ብቻ በቂ አይደለም። ጨርቁ የማን ነው፣ ማን ሊሰጠው ይችላል፣ ማን አይችልም የሚለውም የሥራው ክፍል ነው።

ውሳኔው ለእሑዱ የእድር ስብሰባ ተላለፈ።

እሑድ፣ ህዳር 28

ስብሰባው ረጅም ነበር። እንደሚከተለው ነው የማስታውሰው።

ባጃጅ የሚነዳው ወንድማችን ይሸጥ አለ። በእዳ የገዛው ባጃጅ ነው። «ቤንዚን ስንት እንደገባ ታውቃላችሁ። ድንኳኑ ተቀዷል። ባለፈው ለቅሶ ላይ ዝናቡ በሬሳ ላይ ነው የወረደው። ሥዕል አይበላም።» ከማንም በላይ ልክ ነበር። ድሃ ሰፈር ገንዘብ እምቢ ሲል ዋጋውን የሚከፍለው ራሱ ሰፈሩ ነው። ይህን የማያነሳ የኪነ ጥበብ ንግግር አልወድም።

ሌሎች ግማሽ ዋጋውን ይክፈሉና ጥጉ አይነካ አሉ። አንዳንዶች ዝም አሉ።

ከዚያ እማማ እጃቸውን አወጡ። «የእድሩን ድስት ሸጠን እናውቃለን?» አሉ። የለም ተባለ። «ወንበሩንስ?» የለም። «ለምን?»

የሁላችንም ስለሆነ፣ ሐዘን ያለበት ስለሚወስደው፣ ሠርግ ያለው ስለሚወስደው። ወሳጁ ይፈርማል፣ አጥቦ ይመልሳል፤ የሰበረ ይተካል። ይህን ደንብ የጻፈልን ፈላስፋ የለም። ከአባቶቻችን ጀምሮ እየኖርነው ነው። ስለ ካፒታሊዝም ስንት ጽሑፍ አንብቤያለሁ፤ ማንም የማይሸጠው ንብረት ግን አዳራሹ ጓዳ ውስጥ ተደርድሮ ነበር። ጥቁር ድስቶች፣ ቂጣቸው ላይ በቀለም ቁጥር የተጻፈባቸው።

እንዲህ ተወሰነ። ሥዕሉ የእድሩ ዕቃ ሆኖ ይመዘገባል። አይሸጥም፤ ይዋሳል። ለትምህርት ቤትም፣ ለሠርግም፣ ለስብሰባም። ድርጅቱም ከፈለገ እንደማንኛውም ሰው ፈርሞ ይዋሰው፤ ጥጉ እንዳለ ሆኖ። ድንኳኑን እማማ ከሴቶቹ ጋር ሊጠግኑት ተስማሙ፤ ሸራውን እኛ በመዋጮ እንገዛለን። ባጃጅ ነጂው ወንድማችን አልተስማማም። ተቃውሞው በቃለ ጉባኤ ይያዝልኝ አለ፤ ተያዘለት። የሚገዛውን ሸራ በባጃጁ በነፃ ጭኖ እንደሚያመጣው ግን እዚያው ተናገረ።

የአያ አባልነት ጉዳይም ተነሳ። ያነሱት ጋሼ ናቸው። ሰዓቱ ስለሄደ ለሚቀጥለው ወር ተላለፈ። እኔ አልተመቸኝም። ለድንኳኑ ሰዓት ነበረን።

ቅዳሜ፣ ታኅሣሥ 11

ሥዕሉ መዝገብ ገባ። የእድሩ ጸሐፊ ከወንበሮቹ ቀጥሎ ጻፉት፦ «ሥዕል፣ የጨርቅ፣ 12 ሜትር፣ አንድ።» የሠሩት ሰዎች ስም በሙሉ በተለየ ወረቀት ላይ አለ፤ አባል የሆነውም ያልሆነውም፣ ልጆቹም ጭምር።

የመጀመሪያው ተዋሽ አያ ሆነ። የልጁ ሠርግ በጥር ነው፤ ዳሱ ውስጥ ሊሰቅለው ይፈልጋል። ጸሐፊው መዝገቡን ገለጡና ብዕራቸውን ያዝ አደረጉ። የውሰት ገጹ የአባል ቁጥር ይጠይቃል። አያ ቁጥር የለውም። ትንሽ ዝምታ ሆነ። ከዚያ ጸሐፊው አዲስ ገጽ ከፈቱ፤ በማስመሪያ አሰመሩበት፤ የቁጥሩን አምድ ሳያካትቱ። አያ ፈረመ። የገጹ ርዕስ ገና አልተሰጠውም፤ ጉዳዩ በሚቀጥለው ስብሰባ ይታያል። በዚያ ስብሰባ ላይ እገኛለሁ፣ እናገራለሁም።

ለመጓጓዣ ጨርቁን በፕላስቲክ ቱቦ ላይ ነው የምንጠቀልለው፤ ቀለሙ ወደ ውጭ ሆኖ። ወደ ውስጥ ከተጠቀለለ ይጨማደዳል። ከላዩ ላስቲክ ይለበሳል። ቱቦውን አሳጠርነው፤ ባጃጅ ላይ እንዲገባ።

ሁለተኛውን ጨርቅ ከጥር በኋላ እንጀምራለን። ጥያቄውን ያወጣችው እትዬ ናት፦ ቅዳሜ ገበያ የነጋዴና የሸማች ብቻ ባይሆን ማን ማን ይመጣበት ነበር? አቡጀዲ አለን። የቀረን ኮላና አረንጓዴ ነው። ቤታችሁ የተረፈ የግድግዳ ቀለም ካለ፣ ግማሽ ጣሳም ቢሆን፣ አዳራሹ ቅዳሜ ከሰዓት ክፍት ነው። የደረቀውን አታምጡ። ከሰል እኛ አለን።